ይሉኝታና ርኅራኄ፤ በትምህርት ቤት ከባድ ውሳኔን ስለ ማድረስ

መግቢያ

የመምህርነት ሙያ በአመዛኙ የማነጽና የማበረታታት ሙያ ነው። ይሁን እንጂ በዚሁ ሙያ ውስጥ ማንም በደስታ የማያከናውናቸው ተግባራት መኖራቸው አይካድም። ተማሪው ክፍሉን እንዲደግም መወሰኑን ለወላጅ መንገር፣ ሲኮርጅ የተገኘን ተማሪ የፈተና ውጤት መሰረዝ፣ በማስተማር ልምምድ ላይ ብቃት ያላሳየን ዕጩ መምህር «አላለፍህም» ማለት፣ የባልደረባን የሥራ አፈጻጸም ዝቅተኛ ነው ብሎ መሙላት፣ በቤተሰብ ችግር ምክንያት ዝውውር የጠየቀን መምህር ጥያቄው ተቀባይነት እንዳላገኘ ማሳወቅ፣ እነዚህ ሁሉ በየትምህርት ዘመኑ የሚደጋገሙ ግዴታዎች ናቸው።

ስለ እነዚህ ውሳኔዎች የወጡ ደንቦችና መመሪያዎች አሉ። የማለፊያው ነጥብ ስንት እንደሆነ፣ ጥፋቱ በምን እንደሚያስቀጣ፣ የዝውውር መስፈርቱ ምን እንደሆነ በጽሑፍ ተደንግጓል። ውሳኔው ለባለጉዳዩ እንዴት እንደሚደርሰው ግን በአብዛኛው ለነጋሪው ጠባይ የተተወ ነው። ውጤቱም ከትምህርት ቤት ትምህርት ቤት፣ ከሰው ሰው ይለያያል። በአንዱ ዘንድ ተማሪው ከውድቀቱ ተነሥቶ ይማራል፤ በሌላው ዘንድ ያው ውሳኔ ተማሪውን ከትምህርት ገበታ ያርቀዋል።

የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ከባድ ውሳኔን በርኅራኄ ማድረስ ማለት ውሳኔውን ማላላት አለመሆኑን ማስረዳትና በሥራ ላይ እንዴት ሊፈጸም እንደሚችል ማመልከት ነው። ዋናው አሳብ በአጭሩ ሲገለጽ የሚከተለው ነው። በየትምህርት ቤቱ ርኅራኄ እየተባለ የሚጠራው ነገር ብዙውን ጊዜ ይሉኝታ ነው። ሁለቱ ተመሳሳይ መስለው ይታዩ እንጂ በመነሻም ሆነ በውጤት የተለያዩ ናቸው።

1. የግዴታው ባሕርይ

አንድሩ ሞሊንስኪና ጆሹዋ ማርጎሊስ የተባሉ ሁለት ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ2005 ባወጡት ጥናት፣ አንድ ሰው ለበጎ ዓላማ ሲል በሌላው ላይ ሕመም ወይም ጉዳት እንዲያደርስ የሚያስገድዱትን የሥራ ተግባራት ለይተው መርምረዋል። ሠራተኛ የሚያሰናብት ኃላፊ፣ የሚያሳምም ሕክምና የሚሰጥ ሐኪም፣ ቤት የሚያስለቅቅ ፖሊስ በዚህ ረድፍ ይገኛሉ። መምህሩና ርእሰ መምህሩ ከእነዚህ ጋር ቢመደቡ የሚያስደንቅ አይደለም።

የዚህ ዓይነቱ ግዴታ ሦስት ጠባዮች አሉት። አንደኛ፣ ተግባሩ ከግለሰቡ ባሻገር የሚታይ ዓላማ አለው። ያልቻለው ተማሪ እንዲደግም የሚደረገው ነገ በማይሸከመው ትምህርት ውስጥ እንዳይሰጥም ነው፤ ብቃት የጎደለው ዕጩ መምህር የሚታገደው በየዓመቱ በእጁ የሚያልፉት ሕፃናት እንዳይጎዱ ነው። ሁለተኛ፣ ዓላማው ምንም ያህል በጎ ቢሆን በፊት ለፊት ያለው ሰው በእርግጥ ይጎዳል፤ ሕመሙን በንግግር ማጥፋት አይቻልም። ሦስተኛ፣ ነጋሪው ተግባሩን የሚፈጽመው በግል ፈቃዱ ሳይሆን በያዘው ኃላፊነት ምክንያት ነው። ከሦስቱ አንዱን መርሳት ወደ ስሕተት ይመራል። ዓላማውን የረሳ ሰው ያላላል፤ ሕመሙን የረሳ ሰው ይጨክናል፤ ኃላፊነቱን የረሳ ሰው «እኔ የለሁበትም» ይላል።

2. ሦስት ማምለጫዎች

ክፉ ዜና መናገርን መሸሽ የሰው ሁሉ ጠባይ ነው። ሲድኒ ሮዘንና ኤብርሃም ቴሰር የተባሉ የሥነ ልቡና ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ1970 ባሳተሙት ጥናት፣ ሰዎች መልካም ዜናን ለባለቤቱ ለማድረስ ሲፋጠኑ፣ ክፉውን ግን ወይ ይዘው እንደሚያቆዩ ወይም ቆራርጠው እንደሚናገሩ አሳይተዋል። በትምህርት ቤቶቻችንም ይህ ሽሽት በሦስት መልክ ይታያል።

የመጀመሪያው ማላላት ነው። መምህሩ 38 ያገኘውን ተማሪ 50 ያደርሰዋል፤ የልምምድ ተቆጣጣሪው «ገና ልጅ ነው፣ በሥራ ላይ ይማረዋል» ብሎ የማለፊያ ነጥብ ይሰጣል፤ ኃላፊው ለሁሉም መምህር ተመሳሳይ የአፈጻጸም ነጥብ ይሞላል። ለጊዜው ማንም አይከፋም። ችግሩ ግን አልተወገደም፤ ለሚቀጥለው ክፍልና ለሚቀጥለው መምህር ተላልፏል እንጂ። «በሽታውን የደበቀ መድኃኒት የለውም» የሚለው አባባል ለዚህ ይስማማል።

ሁለተኛው መድረቅ ነው። ነጋሪው የራሱን ጭንቀት ለመሸፈን ፊቱን ያጠቁራል፣ ድምፁን ያወፍራል፣ አንቀጽ ይጠቅሳል፣ በሩን ይዘጋል። ወይም ደግሞ ውሳኔውን በማስታወቂያ ሰሌዳ ለጥፎ ከግቢው ይጠፋል። ከውጭ ሲታይ ጠንካራ ይመስላል፤ በእውነቱ ግን ይህም ሽሽት ነው።

ሦስተኛው ማሳበብ ነው። «እኔማ ባሳልፍህ በወደድኩ፤ ከላይ የመጣ መመሪያ ነው» ይባላል። ይህ አነጋገር ለነጋሪው ዕረፍት ይሰጠዋል፤ ባለጉዳዩን ግን መጠየቂያና መማሪያ ያሳጣዋል። ውሳኔው ባለቤት የሌለው፣ ምክንያት የሌለው፣ ከሰማይ የወረደ ነገር ይሆንበታል።

እዚህ ላይ አንድ ጥያቄ ይነሣል። ነጋሪው በውሳኔው ባያምንስ? መልሱ አስቸጋሪ ቢሆንም ግልጽ ነው። ተቃውሞውን ለወሰነው አካል፣ በተገቢው መንገድና ውሳኔው ከመጽናቱ በፊት ማቅረብ ግዴታው ነው። ከጸና በኋላ ግን ለባለጉዳዩ የሚያስፈልገው የነጋሪው ሐሜት ሳይሆን የውሳኔው ምክንያትና የይግባኙ መንገድ ነው። «በዚህ ጉዳይ ቅሬታ ለማቅረብ መብት አለህ፤ የሚቀርበውም ለዚህ ክፍል፣ እስከዚህ ቀን ድረስ ነው» ማለት ከማሳበብ እጅግ የተለየ ነገር ነው።

3. ይሉኝታና ርኅራኄ

ይሉኝታ በባህላችን ውስጥ ትልቅ ስፍራ አለው። ሰውን ከብልግና ይጠብቃል፣ ጉርብትናን ያቆያል፣ ታላቅን ያስከብራል። ይሉኝታ የሌለው ሰው መባል ነቀፌታ የሆነውም በዚህ ምክንያት ነው። ይሁን እንጂ የቃሉ ሥር ራሱ ጠባዩን ይመሰክራል። «ምን ይሉኛል» ከማለት የመጣ ነውና የይሉኝታ ዐይን የሚያየው ራስን ነው። ይሉኝታ የያዘው መምህር የሚጠይቀው «ይህ ልጅ ምን ይሆናል?» ብሎ ሳይሆን «ወላጁ ምን ይለኛል? የሰፈሩ ሰው በምን ዐይን ያየኛል?» ብሎ ነው።

የርኅራኄ ዐይን ግን ሌላውን ያያል። ይህ ልዩነት የቃላት ጨዋታ አለመሆኑን የሥነ ልቡና ምርምር ያረጋግጣል። ዳንኤል ባትሰንና ባልደረቦቻቸው እ.ኤ.አ. በ1997 ባሳተሙት ሙከራ፣ ተሳታፊዎች ከባድ ችግር የደረሰባትን አንዲት ወጣት ቃለ መጠይቅ በድምፅ እንዲሰሙ ተደረገ። ከፊሎቹ ወጣቷ ምን እንደሚሰማት እንዲያስቡ፣ ከፊሎቹ ደግሞ እነርሱ ራሳቸው በእርሷ ቦታ ቢሆኑ ምን እንደሚሰማቸው እንዲያስቡ ተነገራቸው። ስለ እርሷ ያሰቡት የርኅራኄ ስሜት አደረባቸው። ራሳቸውን በቦታዋ ያስቀመጡት ግን ከርኅራኄው ጋር የግል ጭንቀትም ያዛቸው።

ይህ ግኝት ለትምህርት ሰው ትልቅ ቁም ነገር አለው። የራሱ ጭንቀት የበዛበት ነጋሪ የሚፈልገው ጭንቀቱ ቶሎ እንዲያበቃለት ነው። ስለዚህ ያላላል፣ ወይም ይደርቃል፣ ወይም ያሳብባል። ሦስቱም ማምለጫዎች በመልክ ቢለያዩም መነሻቸው አንድ መሆኑ እዚህ ላይ ይታያል። ሐሳቡን በባለጉዳዩ ላይ ያሳረፈ ነጋሪ ግን በዚያ አስቸጋሪ ክፍል ውስጥ ለመቆየት ይችላል፤ የሚጠይቀው «ይህ ሰው አሁን ምን ሊያውቅ ይገባዋል? ከዚህ ወጥቶ ወዴት ይሄዳል?» ብሎ ነውና።

4. ከመርዶ ሥርዓት ምን እንማራለን

ሐኪሞች ከባድ ዜና ለታማሚ የሚነግሩበትን ሥርዓት በጽሑፍ አዘጋጅተዋል። በተለይ እ.ኤ.አ. በ2000 ዋልተር ቤይል፣ ሮበርት ባክማንና ባልደረቦቻቸው ለካንሰር ሐኪሞች ያወጡት ባለ ስድስት ደረጃ መመሪያ በሰፊው ይሠራበታል። ደረጃዎቹም ቦታውን ማዘጋጀት፣ ታማሚው ምን እንደሚያውቅ መጠየቅ፣ ምን ያህል መስማት እንደሚፈልግ መረዳት፣ ዜናውን በግልጽ መንገር፣ ለስሜቱ ምላሽ መስጠት፣ በመጨረሻም ስለ ቀጣዩ መንገድ አብሮ መምከር ናቸው።

ይህ መመሪያ ለእኛ እንግዳ አይደለም። በአገራችን የመርዶ ሥርዓት ውስጥ አብዛኛው ይገኛል። በሩቅ ቦታ ዘመድ ሲሞት፣ ወሬውን የሰማ ሰው እየሮጠ ሄዶ አይናገርም። ከቅርብ ዘመዶችና ከጎረቤት ሽማግሌዎች ጋር አስቀድሞ ይመክራል። የሚናገረው ሰው ይመረጣል። ሰዓቱም ይመረጣል፤ ብዙውን ጊዜ ማልዶ፣ ሰው ሁሉ ሊሰበሰብ በሚችልበት ጊዜ ይሆናል። ሐዘንተኛው በመንገድ ላይ ወይም ብቻውን ሳለ እንዲሰማ አይደረግም። ከተነገረውም በኋላ የነገሩት ሰዎች ትተውት አይሄዱም፤ አብረው ያለቅሳሉ፣ ጎረቤት ምግብ ይዞ ይመጣል፣ እድሩ ድንኳን ይተክላል፣ የሩቁም ሰው እየመጣ ለቅሶ ይደርሳል።

ከዚህ ሥርዓት ለትምህርት ቤት የሚጠቅሙ አራት ነገሮች እናገኛለን። እነርሱም አስቀድሞ መምከር፣ ነጋሪውን መምረጥ፣ ጊዜና ቦታ መጠበቅ፣ ከተናገሩም በኋላ አብሮ መቆየት ናቸው። ይህን በየመንደሩ የሚያውቅ ሕዝብ፣ በትምህርት ቤት ግን የልጁን መውደቅ ከተለጠፈ ወረቀት፣ በጓደኞቹ መካከል ቆሞ እንዲያነብ ማድረጉ የሚያሳዝን ተቃርኖ ነው።

ይሁን እንጂ ንጽጽሩ ወሰን አለው። አንደኛ፣ ውጤት ሞት አይደለም። የነጋሪው ፊትና ድምፅ ነገሩ ሁሉ ያበቃ እንዲመስል ካደረገ፣ ለማጽናናት የታሰበው ሥርዓት ተስፋ ማስቆረጫ ይሆናል። ሁለተኛ፣ መርዶ አንዳንድ ጊዜ ለወራት ይደበቃል፤ አገር ሁሉ ሰምቶ ባለቤቱ ብቻ ሳይሰማ ይቆያል። ይህ ልማድ ወደ ትምህርት ቤት ሊገባ አይገባውም። ተማሪው እየደከመ መሆኑን መምህራን ሁሉ ከኅዳር ጀምረው እያወቁ ወላጁ በሰኔ መጨረሻ የሚሰማ ከሆነ፣ የሰኔው ንግግር ምንም ያህል ቢለሰልስ ርኅራኄ ሊባል አይችልም።

5. ምክንያትን መግለጽ የሚያመጣው ልዩነት

አንዳንድ የሥራ ኃላፊዎች «ውሳኔው ካልተለወጠ ማስረዳት ምን ይጠቅማል?» ይላሉ። ለዚህ ጥያቄ ጄራልድ ግሪንበርግ እ.ኤ.አ. በ1990 ያሳተሙት ጥናት ጥሩ መልስ ይሰጣል። ጥናቱ የተካሄደው የአንድ አሜሪካዊ ኩባንያ ንብረት በሆኑ ሦስት ፋብሪካዎች ነው። በሁለቱ ፋብሪካዎች በሥራ መቀዝቀዝ ምክንያት የሠራተኞች ደመወዝ ለ10 ሳምንታት በ15 በመቶ ተቀነሰ። በአንደኛው ፋብሪካ 90 ደቂቃ ያህል የፈጀ ስብሰባ ተደርጎ ምክንያቱ በአኃዝ ተብራራ፣ ጸጸት ተገለጸ፣ ጥያቄዎችም ተመለሱ። በሁለተኛው ግን 15 ደቂቃ ያህል በፈጀ ስብሰባ ቅነሳው በአጭሩ ተነገረ። በሦስተኛው ፋብሪካ ቅነሳ አልነበረም።

በሁለቱም ፋብሪካዎች የንብረት ስርቆት ጨመረ። በአጭሩ በተነገረበት ፋብሪካ ግን ጭማሪው እጅግ የበለጠ ሆነ፤ ሥራቸውን የለቀቁት ሠራተኞችም በዚያው በዙ። የተቀነሰው ገንዘብ በሁለቱም ዘንድ እኩል ነበር። ልዩነቱ የመጣው ከአነጋገሩ ነው።

ፋብሪካና ትምህርት ቤት አንድ አይደሉም። ሆኖም ሰው ምክንያቱን ሳያውቅ የተፈረደበትን ነገር እንደ በደል የሚቆጥር መሆኑ በሁለቱም ቦታ ያው ነው። ዝውውሩ የተከለከለ መምህር መስፈርቱንና የራሱን ነጥብ ካየ ሊያዝን ይችላል፤ ካላየ ግን አድልዎ ተፈጽሞብኛል ብሎ ያምናል። ከዚያም በኋላ በክፍል ውስጥ የሚቆመው በግማሽ ልብ ነው፤ ዋጋውን የሚከፍሉትም ተማሪዎቹ ናቸው።

እዚህ ላይ ማስጠንቀቂያ መጨመር ያስፈልጋል። መልካም አነጋገር ያልተገባ ውሳኔን አያስተካክልም። የተጣመመ ውሳኔን በለሰለሰ ቃል ማቅረብ ማታለል ነው። ስለዚህ የርኅራኄ የመጀመሪያ ሥራ ውሳኔው ራሱ በትክክለኛ ማስረጃ ላይ የቆመ መሆኑን ማረጋገጥ ነው።

6. በአፈጻጸም ረገድ

ለማስረዳት ያህል አንድ በብዙ ትምህርት ቤቶች ሊያጋጥም የሚችል ጉዳይ እንውሰድ። አንዲት የ7ኛ ክፍል ተማሪ በዓመቱ መጨረሻ የማለፊያ ነጥብ አላመጣችም። አባቷ አርሶ አደር ናቸው፤ ከትምህርት ቤቱ የሁለት ሰዓት መንገድ ይርቃሉ። ርእሰ መምህሩ አስጠርተዋቸዋል።

ሀ. ከመናገር በፊት። ርእሰ መምህሩ የተማሪዋን የውጤት መዝገብ፣ የፈተና ወረቀቶቿንና የመቅሪያ መዝገቧን ራሳቸው ይመረምራሉ። የክፍል ኃላፊውን መምህር ያነጋግራሉ። በዚህም ጊዜ ተማሪዋ ከጥር ወዲህ በየሳምንቱ ሐሙስ ሐሙስ እንደምትቀር ያያሉ። ሐሙስ የገበያ ቀን ነው። ይህ ዝርዝር ነጥቡን አይለውጠውም፤ ንግግሩን ግን ፈጽሞ ይለውጠዋል። ከዚያም ሰው የማይገባና የማይወጣበት ክፍል ይዘጋጃል፤ ሁለት ወንበር ጎን ለጎን ይቀመጣል፤ ቢያንስ ግማሽ ሰዓት ይመደባል።

ለ. በመናገር ጊዜ። በመጀመሪያ አባትየው ምን እንደሚያውቁ ይጠየቃሉ። ከዚያ ዋናው ነገር ሳይዘገይ፣ በአጭርና በግልጽ ቃል ይነገራል። ለምሳሌ፦ «አባቴ፣ ይቀመጡ። ያስጠራሁዎ ስለ ልጅዎ ደስ የማይል ነገር ልነግርዎ ነው። ዘንድሮ ወደ 8ኛ ክፍል አላለፈችም። በሒሳብና በእንግሊዝኛ ያገኘችው ነጥብ ከማለፊያው በታች ነው። መምህራኑ መክረንበታል፤ እኔም አምኜበታለሁ።» ከዚህ በኋላ ዝም ማለት ያስፈልጋል። ብዙ ነጋሪዎች የሚሳሳቱት እዚህ ላይ ነው፤ ዝምታው ስለሚከብዳቸው ወዲያው ምክርና ማጽናኛ ይደረድራሉ።

አባትየው እንዲህ ሊሉ ይችላሉ፦ «መምህር፣ ከእንግዲህ ወዲህ ቤት ትዋል። ከብት ጠባቂ አጥቼ፣ እናቷም ደክማ ነው ያስተማርናት። ካልሆነላት ምን ይደረጋል።» እንግዲህ እውነተኛው ጉዳይ እዚህ ላይ ወጣ። የመድገሙ ውሳኔ ልጅቷን ከትምህርት ሊያስወጣት፣ ምናልባትም ያለ ዕድሜዋ ወደ ትዳር ሊመራት ይችላል። ደረቅ ነጋሪ ይህን አይሰማም፤ ከንግግሩ በፊት በሩን ዘግቷልና። ባለ ይሉኝታው ደግሞ ደንግጦ «እንግዲያው እናሳልፋታለን» ይላል። ርኅሩኁ ነጋሪ ግን እንዲህ ሊል ይችላል፦ «ደክመው እንዳስተማሯት አውቃለሁ፤ ማዘንዎም አይፈረድብዎም። ነገር ግን መዝገቡን ሳይ ልጅቷ አልችል ብላ አይደለም። ከጥር ወዲህ ሐሙስ ሐሙስ አልመጣችም። እስከ ጥር ድረስ ያገኘችውን ነጥብ ይመልከቱ።»

ሐ. ከተናገሩ በኋላ። ንግግሩ «አይዞዎት» ተብሎ ብቻ መዘጋት የለበትም። የገበያውን ቀን ማን ሊሸፍን እንደሚችል፣ የማጠናከሪያ ትምህርቱ በየትኛው ቀን እንደሚሰጥ፣ ተማሪዋን ማን እንደሚከታተላት ተነጋግሮ መወሰን ያስፈልጋል። ተማሪዋም ራሷ ተጠርታ በአባቷ ፊት እንድትሰማ፣ አሳቧንም እንድትናገር ይደረጋል። በመስከረም ያልተመዘገበች እንደሆነ ትምህርት ቤቱ ሰው ይልካል። በጥቅምት መጨረሻም አባትየው ተመልሰው ስለ ውጤቷ ይነገራቸዋል፤ በዚህ ጊዜ መልካሙም ዜና በዚያው ክፍል፣ በዚያው ሰው አፍ ሊነገራቸው ይገባል።

ልብ ሊባል የሚገባው፣ በዚህ ሁሉ ውስጥ ነጥቡ በአንድ እንኳ አለመጨመሩ ነው። ውሳኔው ጸንቷል። የተለወጠው ውሳኔው የሚያመጣው ውጤት ነው።

ዕጩ መምህራንን በሚመለከትም ሥርዓቱ ያው ነው። በማስተማር ልምምድ ላይ ዕጩውን የሚከታተል መምህር፣ የትምህርት ዕቅዱን፣ የሰሌዳ አጠቃቀሙን፣ ለተማሪዎች ጥያቄ የሰጠውን ምላሽ በየጉብኝቱ በማስታወሻ ከያዘ፣ በመጨረሻ የሚናገረው ነገር ከዚህ በፊት ያልተሰማ አይሆንም። «ጠባይህ መልካም ነው፤ ግን አላለፍህም» ከማለት ይልቅ «በሦስቱ ጉብኝቶች ሁሉ ትምህርቱ ከመጀመሪያው ረድፍ አላለፈም፤ ከኋላ የተቀመጡት ልጆች አንድም ጊዜ አልተጠየቁም» ማለት ይበልጥ የሚያሳምም ሊመስል ይችላል። ነገር ግን ሰው ሊያርመው የሚችለው ይህን ዓይነቱን ነገር ነው።

7. የ12ኛ ክፍል ፈተና ውጤት

ከባድ ዜና ለብዙ ሰው በአንድ ጊዜ የሚደርስበት ሁኔታም አለ። የ2014 ዓ.ም. የ12ኛ ክፍል አገር አቀፍ ፈተና በዩኒቨርሲቲዎች ግቢ እንዲሰጥ ከተደረገ ወዲህ፣ ግማሽና ከዚያ በላይ ያመጡት ተማሪዎች በመጀመሪያው ዓመት 3.3 በመቶ፣ በ2015 ዓ.ም. 3.2 በመቶ፣ በ2016 ዓ.ም. 5.4 በመቶ፣ በ2017 ዓ.ም. ደግሞ 8.4 በመቶ ነበሩ። በ2014 እና በ2015 ዓ.ም. ፈተናዎች አንድም ተማሪ ያላሳለፉት ትምህርት ቤቶች በየዓመቱ ከ1,100 በላይ ነበሩ።

ስለ ፈተናው ጥብቅነት የሚደረገው ክርክር የዚህ ጽሑፍ ጉዳይ አይደለም። ኩረጃን ለመግታት መቁረጡ ማላላት ያመጣውን ዕዳ ለመክፈል የተወሰደ እርምጃ ነው ለማለት ይቻላል፤ ለዓመታት በይሉኝታ የተጨመረው ነጥብ በአንድ ቀን ተገልጧልና። እዚህ ላይ የሚጠየቀው ሌላ ነገር ነው። ተማሪው ውጤቱን የሚያየው በስልክ ነው። በዚያች ሰዓት ከአጠገቡ መምህር የለም፤ አንዳንድ ጊዜም ወላጅ የለም። በመርዶ ሥርዓታችን ብንመዝነው፣ ዜናው ያለ ምክር፣ ያለ ነጋሪ፣ ያለ አጽናኝ ይደርሳል ማለት ነው።

የአነጋገሩን መንገድ መለወጥ ባይቻል እንኳ ከዜናው በፊትና በኋላ ያለው ጊዜ በትምህርት ቤቱ እጅ ነው። ከውጤቱ በፊት መምህራን የመጨረሻ ዓመት ተማሪዎችን ሰብስበው ሊመጣ ስለሚችለው ነገር በግልጽ መነጋገር ይችላሉ። ውጤቱ በወጣ ማግስት የትምህርት ቤቱ በር ክፍት እንዲሆን፣ የክፍል ኃላፊ መምህራንም ቀድሞ የታወቀ ተራ ይዘው እንዲገኙ ማድረግ ይቻላል። ለተማሪው ያሉት መንገዶች፣ ማለትም በ2015 ዓ.ም. በዩኒቨርሲቲዎች የተጀመረው የማካካሻ ትምህርት፣ የቴክኒክና ሙያ ሥልጠና፣ በድጋሚ መፈተን፣ እያንዳንዳቸው ከነመስፈርታቸው በአንድ ገጽ ተጽፈው ቢጠብቁት ከብዙ የማጽናኛ ቃል ይበልጣሉ። አንድም ተማሪ ባላሳለፈ ትምህርት ቤት ደግሞ መምህራኑ ራሳቸው ሐዘንተኞች መሆናቸውን የወረዳው ጽሕፈት ቤት ሊያስብበት ይገባል። ለወቀሳ ብቻ የሚጠራ ስብሰባ የሚያፈራው ማሳበብን ነው።

8. ለዕቅድ አውጪዎች የሚቀርቡ አሳቦች

ርኅራኄ የግለሰብ ጠባይ ብቻ ሆኖ ከቀረ በዕድል የሚገኝ ነገር ይሆናል። ስለሆነም በአሠራር ሊደገፍ ይገባል።

(1) ውሳኔ የሚያስከትል ድክመት ከመጨረሻው ውሳኔ በፊት ቢያንስ ሁለት ጊዜ ለባለጉዳዩ በጽሑፍና በቃል እንዲነገረው መመሪያዎች ቢያስገድዱ፤

(2) የመድገም፣ የስረዛና የዝቅተኛ አፈጻጸም ውሳኔዎች ለባለጉዳዩ በግል ከተነገሩ በኋላ ብቻ በዝርዝር እንዲወጡ ቢደረግ፤

(3) በትምህርት ዘመኑ መዝጊያ ሳምንት ለወላጆች የሚሰጥ የንግግር ጊዜ በዓመታዊው የጊዜ ሰሌዳ ላይ ቢመደብ፤ ስድሳ ተማሪ የያዘ የክፍል ኃላፊ መምህር ጊዜ ሳይሰጠው በርኅራኄ ተናገር ቢባል ትእዛዙ ባዶ ነውና፤

(4) ወሳኙ አካል ሩቅ፣ ነጋሪው ቅርብ በሚሆንባቸው እንደ ዝውውር ባሉ ጉዳዮች፣ ወሳኙ አካል ምክንያቱን ከነመስፈርቱ በጽሑፍ ለነጋሪው እንዲልክ ቢደረግ፤

(5) በመምህራን ማሠልጠኛ ኮሌጆች ከባድ ውሳኔን መናገር እንደ አንድ የሙያ ችሎታ ተቆጥሮ ዕጩዎች አንዱ መምህር፣ አንዱ ወላጅ እየሆኑ እንዲለማመዱት ቢደረግ፤

(6) ነጋሪዎችም ሰዎች ናቸውና፣ ርእሳነ መምህራን በየጉድኝት ማእከሉ እየተገናኙ ስለ አጋጠሟቸው ከባድ ጉዳዮች የባለጉዳዮችን ስም ሳይጠሩ የሚመካከሩበት ጊዜ ቢኖራቸው መልካም ይሆናል።

ማጠቃለያ

ከዚህ በላይ እንደተገለጸው፣ ከባድ ውሳኔን በርኅራኄ ማድረስ ማለት ውሳኔውን መሸሽ፣ ማላላት ወይም በጣፋጭ ቃል መሸፈን አይደለም። ማስረጃውን አጣርቶ፣ ጊዜና ቦታ መርጦ፣ እውነቱን በግልጽ ተናግሮ፣ ሐዘኑን ታግሦ፣ ቀጣዩን መንገድ አብሮ ማየት ነው። ይህን ለማድረግ ነጋሪው «ምን ይሉኛል» የሚለውን ጥያቄ ትቶ «ይህ ሰው ምን ያስፈልገዋል» ወደሚለው መሸጋገር ይኖርበታል።

የትምህርት ቤት ውሳኔ የሚያርፈው ገና በማደግ ላይ ባለ ሰው ላይ ነው። ልጁ የወደቀበትን ነጥብ ከጥቂት ዓመታት በኋላ ሊረሳው ይችላል። የተነገረበትን ቃልና የተነገረበትን ፊት ግን አይረሳም። ትምህርቱን መቀጠሉና አለመቀጠሉም ብዙ ጊዜ የሚወሰነው በዚያች ግማሽ ሰዓት ውስጥ ነው። በየትምህርት ቤቱ ያለን መምህራንና በየደረጃው ያለን የትምህርት ባለሙያዎች ለዚያች ግማሽ ሰዓት ለአንድ ክፍለ ጊዜ ትምህርት የምናደርገውን ያህል ዝግጅት ብናደርግላት፣ በየዓመቱ ሰኔ ላይ ከትምህርት ገበታ የሚለዩት ልጆች ቁጥር እንደሚቀንስ ጸሐፊው ያምናል።